ፔትሮማክሱን ልጣለው ወይ? ስለ ቶሪየም ኦክሳይድ የቀረበ ጥያቄ

ጥያቄው የመጣው ከጅማ ሂርማታ ነው። ጠያቂዋ እንዲህ ይላሉ፦ «አባቴ ቡና ነጋዴ ነበሩ። ካረፉ በኋላ መጋዘናቸውን ስናጸዳ አንድ አሮጌ ፔትሮማክስ ፋኖስና ገና ያልተከፈቱ የመረቡ ፓኬቶች አገኘን። ከ30 ዓመት በላይ ሳይቆዩ አይቀሩም። የ11ኛ ክፍል ተማሪ የሆነው ልጄ አይቶ ‹እማዬ፣ ይሄኮ ቶሪየም አለው፣ ራዲዮአክቲቭ ነው› አለኝ። ከዚያ ወዲህ እንቅልፍ የለኝም። በልጅነታችን ሠርጉንም ለቅሶውንም ያሳለፍነው በዚህ ፋኖስ ሥር ነው። እውነት ነው ወይ? ራዲዮአክቲቭ ነገር መብራት ውስጥ ምን ይሠራል? በበረኪና ብዘፈዝፈው ይለቃል? ፋኖሱንስ ልጣለው?»

ልጅዎ ልክ ነው። በዚያ ዘመን የተሠሩ የፔትሮማክስ መረቦች (ነበልባሉ ላይ ታስረው የሚያበሩት የጨርቅ ከረጢቶች) አብዛኞቹ ቶሪየም አለባቸው፤ ቶሪየም ደግሞ ራዲዮአክቲቭ ነው። ግን ፋኖሱን አይጣሉት። መረቡን በበረኪና አይዘፍዝፉት። ፓኬቶቹንም ከቆሻሻ ጋር አያቃጥሏቸው። ምክንያቱ ትንሽ ረዘም ይላል፤ ልጅዎም አብሮ ቢያነበው ደስ ይለኛል፣ ለኬሚስትሪ ትምህርቱ ይጠቅመዋልና።

መጀመሪያ አንድ ነገር እናጥራ። ፋኖሱ የሚያበራው ራዲዮአክቲቭ ስለሆነ አይደለም። ብዙ ሰው እንዲህ ይመስለዋል፤ የቀለም ትምህርት የገባቸው ሰዎች ጭምር። ከቶሪየም የሚወጣው ጨረራ ለብርሃኑ ቅንጣት ታህል አይጨምርም። እንዲያውም መረቡ ሲፈለሰፍ ቶሪየም ጨረራ እንዳለው የሚያውቅ ሰው በዓለም ላይ አልነበረም። ካርል አወር ፎን ቬልስባኽ የተባለው ኦስትሪያዊ ኬሚስት 99 በመቶ ቶሪየም ኦክሳይድና 1 በመቶ ሴሪየም ኦክሳይድ ያለበትን መረብ ለገበያ ያቀረበው እ.ኤ.አ. በ1891 ነው። ፈረንሳዊው የፊዚክስ ሊቅ ቤክሬል የዩራኒየምን ጨረራ ያገኘው በ1896 ነው። የቶሪየምን ጨረራ ደግሞ ጌርሃርድ ሽሚትና ማሪ ኩሪ ለየብቻቸው የደረሱበት በ1898 ነው። ስለዚህ ቶሪየም ፋኖስ ውስጥ የገባው በሌላ ጠባዩ ተመርጦ ነው። ያ ጠባይ ግትርነቱ ነው።

ቶሪየም ኦክሳይድ ምን ያህል ግትር ነው? የሚቀልጠው ከ3,300 ዲግሪ ሴልሺየስ በላይ ነው። ከተለመዱት ኦክሳይዶች ሁሉ ከፍተኛው ይህ ነው። ውሃ አያሟሟውም። አየር ውስጥ ቢያግሉት፣ ቢያቀዘቅዙት፣ እንደገና ቢያግሉት ምንም አይሆንም። የአንድ ሌሊት የሠርግ ድንኳን ነበልባል ለእሱ ቀላል ነገር ነው።

የዚህ ሁሉ መነሻ ያለው አተሙ ላይ ነው። የቶሪየም አተም ለመስጠት ዝግጁ የሆኑ አራት ኤሌክትሮኖች አሉት። አራቱንም ለኦክስጅን ይሰጥና ያበቃል፤ የሚሰጠው ሌላ አይቀረውም። በንጥረ ነገሮች ሰንጠረዥ ታች አብሮት ከተሰለፈው ከዩራኒየም ጋር ያለው ልዩነት እዚህ ላይ ጎልቶ ይታያል። ዩራኒየም ስድስት ኤሌክትሮን መስጠት ይችላል። አራቱን ሰጥቶ ዩራኒየም ዳይኦክሳይድ ከሆነ በኋላም አየር ውስጥ ሲግል ተጨማሪ ኦክስጅን ይወስዳል፤ በመጨረሻም ተፈረካክሶ ዱቄት ይሆናል። ከዩራኒየም የተሠራ መረብ አንድ ምሽት የሚቆይ አይመስለኝም። ቶሪየም ግን የሚቀማው ስለሌለው ባለበት ይጸናል። ቀለም የሌለውም ለዚሁ ነው፦ ብርሃን ወስዶ ከቦታ ቦታ የሚዘል ትርፍ ኤሌክትሮን የለውም። ንጹሕ ቶሪየም ኦክሳይድ ነጭ ዱቄት ነው።

ይህ አራት ኤሌክትሮን የመስጠት ጠባዩ ኬሚስቶችን ራሳቸውን ለረጅም ጊዜ አሳስቷቸዋል። ቶሪየም ልክ እንደ ዚርኮኒየምና ሃፍኒየም ስለሚሆን የድሮ ሰንጠረዦች ከእነሱ ሥር ያስቀምጡት ነበር። አክቲናይዶች (ቶሪየምና ዩራኒየም ያሉበት ቡድን) ራሳቸውን የቻሉ ረድፍ ናቸው የሚለውን ሐሳብ አሜሪካዊው ኬሚስት ግሌን ሲቦርግ ያቀረበው በ1940ዎቹ አጋማሽ ነው። ልጅዎ በዕድሜ የገፋ የኬሚስትሪ መጽሐፍ ቢያገኝ ቶሪየምን ሃፍኒየም ሥር ይፈልገው፤ ያስቀዋል።

አተሞቹ እንዴት እንደሚደረደሩም ልንገርዎት፣ ለሴሪየሙ ጉዳይ ያስፈልገናል። በቶሪየም ኦክሳይድ ክሪስታል ውስጥ እያንዳንዱ ቶሪየም በስምንት ኦክስጅኖች ይከበባል፤ እያንዳንዱ ኦክስጅን ደግሞ በአራት ቶሪየሞች። ይህ የፍሎራይት አደራደር ይባላል። ሴሪየም ኦክሳይድም ያው አደራደር ነው ያለው። የሴሪየም አዮን (ኤሌክትሮኑን የሰጠ አተም) ከቶሪየሙ በጥቂቱ ያንሳል፣ ግን ቦታው ይበቃዋል። ስለዚህ ሁለቱ ሲደባለቁ ሴሪየሙ አልፎ አልፎ የቶሪየሙን ወንበር ይይዛል፤ ግንቡ አይናጋም።

አሁን ወደ ፓኬቱ እንምጣ። በፓኬቱ ውስጥ ያለው ለስላሳ የጨርቅ ከረጢት ገና ኦክሳይድ አይደለም። ክሩ ጥጥ ወይም ሰው ሠራሽ ሐር ሊሆን ይችላል። ፋብሪካው ጨርቁን በቶሪየም ናይትሬትና በትንሽ ሴሪየም ናይትሬት ውሃ ውስጥ ነክሮ ያደርቀዋል። አንዳንዱ ፋብሪካ ደግሞ ከዚያ በኋላ በአሞኒያ አሳልፎ ናይትሬቱን ወደ ሃይድሮክሳይድ ይለውጠዋል። ፋኖሱ ላይ ታስሮ መጀመሪያ ሲለኮስ ጨርቁ ይነድዳል። ናይትሬቱ ቡናማ የናይትሮጅን ዳይኦክሳይድ ጋዝና ኦክስጅን ለቆ ወደ ኦክሳይድ ይለወጣል። ክሩ ጠፍቶ የክሩ ቅርጽ ብቻ ይቀራል፦ ከኦክሳይድ የተሠራ፣ ነጭ፣ በጣት ቢነኩት ብን የሚል መረብ። አባትዎ አዲስ መረብ ሲለኩሱ «ማንም እንዳይነካው!» ብለው ሲቆጡ ትዝ ይልዎት ይሆናል። አያትም አባትም የሚሉት ይህንኑ ነው።

ይህን የምነግርዎት ለተግባር ስለሚጠቅም ነው። ያልተለኮሰው መረብ ናይትሬት ከሆነ ውሃ ያሟሟዋል፤ እርጥበትም ይስባል። ጅማ ደግሞ ዝናቧን የምታውቁት ናት። የተለኮሰው መረብ ግን ኦክሳይድ ነው፤ ውሃ አይነካውም፣ አደጋው የአቧራነቱ ነው። በአንድ ፋኖስ ሁለት የተለያዩ ውህዶች አሉ ማለት ነው፤ ጥንቃቄያቸውም ይለያያል።

ታዲያ ብርሃኑ ከየት ይመጣል? ከሙቀት ነው፤ ብቻ ተራ የጋለ ነገር ብርሃን አይደለም። የጋለ ምጣድ ላይ እጅዎን ቢዘረጉ ሙቀቱ ይለበልብዎታል፤ በጨለማ ግን ምጣዱ አያበራም። የሚሰጠውን ጉልበት ሁሉ የሚያወጣው ዓይን በማያየው ሙቀት መልክ ነው። ብዙ የጋሉ ነገሮች እንዲህ ናቸው፤ ጉልበታቸውን በማይታየው በኩል ያባክናሉ። ቶሪየም ኦክሳይድ በዚያ የማይታይ ሙቀት በኩል ንፉግ ነው። የተቀበለውን ጉልበት በቀላሉ አይለቅም፤ ስለዚህ ነበልባሉ ውስጥ በጣም ይግላል። ችግሩ በሚታየው ብርሃንም በኩል ንፉግ መሆኑ ነው። ንጹሕ የቶሪየም መረብ ቢለኩሱ ደብዛዛ ነው የሚሆነው።

ሴሪየሙ የሚገባው እዚህ ላይ ነው። ከላይ እንዳልኩት ቦታው ይመቸዋል፤ የቶሪየሙን ግንብ ሳያናጋ በሚታየው ብርሃን በኩል በር ይከፍታል። ያ ሁሉ የታፈነ ሙቀት በዚያ በር ነጭ ብርሃን ሆኖ ይወጣል። ሴሪየሙን ቢያበዙትስ? ይብሳል። በማይታየው በኩልም ጉልበት ማፍሰስ ይጀምርና መረቡ ይቀዘቅዛል፤ ብርሃኑም ይቀንሳል። ለዚህ ነው 1 በመቶ አካባቢ ላይ የቆመው። ቬልስባኽ እዚህ ላይ እስኪደርስ ዓመታት ፈጅቶበታል። በ1885 ያወጣው የመጀመሪያው መረብ ከማግኒዥየም፣ ከላንታነምና ከኢትሪየም ኦክሳይድ የተሠራ ነበር። ብርሃኑ አረንጓዴ አረንጓዴ ይል ነበር፣ ቶሎም ይሰበር ነበር። በገበያም አልተሳካለትም።

አሁን ወደሚያስጨንቅዎት ነገር ልምጣ። ቶሪየም 232 የሚባለው የተፈጥሮ ቶሪየም ግማሽ ዕድሜው፣ ማለትም ግማሹ እስኪፈርስ የሚፈጀው ጊዜ፣ 14 ቢሊዮን ዓመት ነው። በጣም ቀርፋፋ ነው ማለት ነው። 1 ግራም ቶሪየም ውስጥ በሴኮንድ 4,000 ገደማ አተሞች ይፈርሳሉ። በአንድ መረብ ላይ ያለው ቶሪየም ሩብ ግራም አካባቢ ቢሆን በሴኮንድ 1,000 ማለት ነው። ግን ታሪኩ በቶሪየሙ አያበቃም። ቶሪየም ፈርሶ ሌላ ራዲዮአክቲቭ አተም ይሆናል፤ ያም ፈርሶ ሌላ። በመንገዱ አልፋና ቤታ ከሚባሉት የጨረራ ዓይነቶች ስድስት አልፋና አራት ቤታ ለቆ፣ ራዲየምን፣ ጋዝ የሆነውን ራዶንን፣ ቢስሙዝን አልፎ በመጨረሻ በማይፈርስ እርሳስ ላይ ያርፋል።

አንድ የሚገርም ነገር አለ፤ አብዛኛው ሰው የሚያስበው ተቃራኒውን ነው። አሮጌ ፓኬት ጨረራው «ወጥቶ ያለቀ» ይመስላል። እውነቱ ግን የእርስዎ ፓኬት ጥቂት ዓመት ብቻ ከቆየ ፓኬት የበለጠ ጨረራ አለው። ፋብሪካው ቶሪየሙን ከማዕድኑ ሲያጣራ ራዲየሙን ለይቶ ይጥለዋል። ራዲየም የሚሰጠው ሁለት ኤሌክትሮን ነው፣ ቶሪየም አራት፤ በኬሚስትሪ ስለማይመሳሰሉ መለየታቸው አያስቸግርም። ከዚያ በኋላ ግን ራዲየሙ ከቶሪየሙ እየተወለደ ቀስ በቀስ ይመለሳል። የዚህ የራዲየም 228 ግማሽ ዕድሜ 5.75 ዓመት ስለሆነ፣ በ30 ዓመት ውስጥ ሰንሰለቱ ሙሉ ለሙሉ ሊባል በሚችል ደረጃ ተመልሷል። ስለዚህ በእያንዳንዱ ፓኬት ውስጥ በሴኮንድ 10,000 ገደማ አተሞች ይፈርሳሉ ብለው ይጠብቁ። ራዘርፎርድና ሶዲ የተባሉት ሳይንቲስቶች ካናዳ ሞንትሪያል ውስጥ፣ በ20ኛው ክፍለ ዘመን መባቻ፣ አንድ አተም ወደ ሌላ አተም እንደሚለወጥ የደረሱበት በዚሁ በቶሪየም ናይትሬትና በአሞኒያ ነው። አሞኒያው ቶሪየሙን ሲያረጋው ራዲየሙ ፈሳሹ ውስጥ ይቀር ነበር። ፈሳሹ ከቀን ወደ ቀን ሲደክም፣ ቶሪየሙ ደግሞ ኃይሉን መልሶ ሲያገኝ አዩ።

10,000 ብዙ ነው? በእኛ በእያንዳንዳችን ሰውነት ውስጥ ባለው ተፈጥሯዊ ፖታሲየም ምክንያት በሴኮንድ 4,000 ገደማ አተሞች ይፈርሳሉ። ሁለት ሦስት ሰው አንድ አልጋ ላይ ቢተኛ ከአንድ ፓኬት ጋር ይቀራረባል። የጅማ ቀይ አፈርም ቢሆን እንደ ማንኛውም አፈር በኪሎ ጥቂት ሚሊግራም ቶሪየም አለው። ነገር ግን ይህን ሰምተው ሙሉ በሙሉ ችላ እንዳይሉት። ከውጭ ያለ አልፋ ወረቀት እንኳ አያልፍም፤ ቆዳችንም ያቆመዋል። ሳምባ ውስጥ የገባ አልፋ ግን የሚያቆመው የለም፤ ጉልበቱን ሁሉ እዚያው ሥጋ ላይ ነው የሚያራግፈው። የፖታሲየሙ ጨረራ እንዲህ አይደለም። ስለዚህ ቁም ነገሩ ቁጥሩ ሳይሆን ነገሩ ያለበት ቦታ ነው።

ለዚህ አንድ መጥፎ ማስረጃ አለን። ከ1930ዎቹ እስከ 1950ዎቹ ድረስ ቶሮትራስት የሚባል መድኃኒት ነበር። የደም ሥር በራጅ ጎልቶ እንዲታይ በመርፌ የሚሰጥ በጣም ደቃቅ የቶሪየም ኦክሳይድ ነበር። ቶሪየም ከባድ አተም ስለሆነ ራጁን ጥሩ አድርጎ ያግዳል፤ ግትር ስለሆነም ከደም ጋር አይዋሃድም፣ ወዲያው አያሳምምም። ሐኪሞች በጣም ወደዱት። ሰውነት ግን ሊያሟሟው አልቻለም። ጉበትና ጣፊያ ውስጥ፣ መቅኔ ውስጥ ተቀመጠ፣ ዕድሜ ልክ። ሕመምተኞቹ ከ20 እና 30 ዓመት በኋላ በጉበት ካንሰር ይታመሙ ጀመር። ፋኖስ ውስጥ ያመሰገንነው ግትርነት እዚህ ጠላት ሆነ። ልብ ይበሉ፣ እነዚህ ሰዎች ግራሞች በቀጥታ ወደ ደማቸው ገብቶባቸዋል። እርስዎና እህት ወንድሞችዎ በፋኖሱ ሥር ተቀምጣችሁ ያገኛችሁት ከዚህ ጋር በፍጹም አይወዳደርም። በዚያ ምክንያት እንቅልፍ አይጡ።

እኔን ብትጠይቁኝ፣ በዚያ ዘመን ከቶሪየሙ ይልቅ የሚያስፈራኝ በተዘጋ ክፍል ውስጥ የሚነደው ነጭ ጋዝ ነው። ካርቦን ሞኖክሳይድ 30 ዓመት አይጠብቅም፤ በአንድ ሌሊት ይገድላል። ነጭ ጋዝ ሲጠፋ ቤንዚን የሚሞሉም ነበሩ። እሱንማ ተዉት።

በበረኪና ለምን አትዘፍዝፉ አልኩ? በረኪና የሚሠራው ኤሌክትሮን በመቀማት ነው። ቶሪየም ደግሞ ያለውን አራቱንም ሰጥቶ ጨርሷል፤ በረኪና ምን ይቀማዋል? የተለኮሰው መረብ በበረኪናም፣ በኮምጣጤም፣ በሎሚም አይለቅም። ላቦራቶሪ ውስጥ እንኳ የሚሟሟው በጋለ የናይትሪክ አሲድና በጥቂት ሃይድሮፍሎሪክ አሲድ ነው፤ ይህ ደግሞ ከቶሪየሙ የባሰ አደገኛ ስለሆነ ቤት ውስጥ የሚታሰብ አይደለም። ያልተለኮሰውን ከዘፈዘፉት ደግሞ ከፊሉ ይሟሟና በልብስ ማጠቢያ ሳፋዎ ውስጥ ቁጭ ይላል። ከጨርቅ ላይ አውርደው ሳፋ ላይ ለጠፉት ማለት ነው።

ማቃጠሉም ያው ነው፣ እንዲያውም ይብሳል። መረቡ መጀመሪያ ሲለኮስ ከተከማቹት የቶሪየም ልጆች ከፊሎቹ፣ በተለይ ራዲየሙ፣ እርሳሱና ቢስሙዙ፣ በሙቀቱ ተነው ከጭሱ ጋር ይወጣሉ። ኦክሳይዱ ደግሞ አመድ ሆኖ በነፋስ ይበተናል። ተዘግቶ የተቀመጠ ፓኬት ግን የትም አይሄድም።

ስለዚህ እንዲህ ያድርጉ። ያልተከፈቱትን ፓኬቶች በወፍራም ላስቲክ ጠቅልለው ክዳን ባለው ቆርቆሮ ውስጥ ያስቀምጡ። ላዩ ላይ ምን እንደሆነ ይጻፉበት፤ ነገ የልጅ ልጅ መጥቶ መጫወቻ እንዳያደርገው። ሰው ከሚተኛበት ክፍል ውጭ፣ ከዝናብ በራቀ ቦታ ይሁን። ለዘለቄታው ከቤትዎ እንዲወጣ ከፈለጉ የጨረራ ጉዳይ የሚመለከተውን የመንግሥት መሥሪያ ቤት ያነጋግሩ። እርግጠኛ መሆን ከፈለጉም ልጅዎ ጅማ ዩኒቨርሲቲ ወዳሉ የፊዚክስ መምህራን ሄዶ ጋይገር ቆጣሪ (የጨረራ መለኪያ መሣሪያ) ካላቸው ይጠይቅ። መሣሪያው አጠገቡ ሲሆን ጢቅ ጢቅ የሚለው ከበዛ ቶሪየም ነው። አልፋው ፓኬቱን አያልፍም፤ ቤታውና ጋማ የሚባለው ሌላው ጨረራ ግን ያልፋሉ።

ፋኖሱ ላይ የቀረ የድሮ መረብ ካለ አፍንጫና አፍዎን ይሸፍኑ፣ በውሃ ፈንጠቅ ያድርጉትና እርጥብ እንዳለ አንስተው ከፓኬቶቹ ጋር ያሽጉት። በአፍዎ እፍ ብለው አያራግፉት፤ አባቶቻችን ሁሉ የሚያደርጉት ይህንኑ ነበር። መስታወቱንና ከሥር ያለውን ነጭ ዱቄት በእርጥብ ጨርቅ ይጥረጉ፣ ጨርቁንም አብሮ ያሽጉት። እጅዎን በሳሙና ይታጠቡ። ከዚያ ፋኖሱ ንጹሕ ነው፤ ብረቱ ራዲዮአክቲቭ አልሆነም። ሊያበሩት ከፈለጉ በኢትሪየም የተሠራ አዲስ መረብ ያስገቡበት። ከ1990ዎቹ ጀምሮ ብዙ አምራቾች ወደ እሱ ዞረዋል። ብርሃኑ ከቶሪየሙ ትንሽ ያንሳል ይላሉ፤ መብራት በጠፋ ምሽት ማን ያማርጣል?

ደብዳቤዎ ላይ ያልጠየቁኝን አንድ ነገር ልጨምር፤ ምክንያቱም ዛሬ ከፋኖሱ ይልቅ ቶሪየም ኦክሳይድ በብዛት ያለው ብየዳ ቤት ነው። ተራውን የኤሌክትሮድ ብየዳ ማለቴ አይደለም። አርጎን ብየዳ ላይ ከሚገቡት የተንግስተን ዘንጎች ጫፋቸው ቀይ ቀለም የተቀባው 2 በመቶ ቶሪየም ኦክሳይድ አለው። ቶሪየሙ ኤሌክትሮን ከጋለው ተንግስተን ላይ በቀላሉ እንዲወጣ ያደርጋል፤ ስለዚህ እሳቱ ቶሎ ይነሳል፣ አይንቀጠቀጥም። ዘንጉ ሳጥኑ ውስጥ ሲቀመጥ ችግር የለውም። ችግሩ ጫፉ ሲደንዝ በግራይንደር የሚሳልበት ሰዓት ነው። ያ አቧራ ልክ እንደ መረቡ ዱቄት በትንፋሽ ይገባል፣ ከገባም አይወጣም፤ በዚያ ላይ በያጁ የሚስለው በየቀኑ ነው። ጎረቤት ወይም ዘመድ አርጎን በያጅ ካለዎት ማስክ አድርጎ፣ በአንድ የተለየ ድንጋይ ላይ እንዲስል፣ አቧራውንም በደረቁ እንዳይጠርግ ይንገሩልኝ። በላንታነም ወይም በሴሪየም የተሠራ ዘንግ ካገኘ ደግሞ ቀዩን ትቶ እሱን ይግዛ፤ ለአብዛኛው ሥራ ይበቃዋል።